ስም ያለው ስደተኛ፦ አቶ ዳግማዊ ይመርና ዘጋቢ ፊልሞቻቸው

መስከረም 23 ቀን 2006 ዓ.ም. ሊነጋጋ ሲል፣ ወርኃ ጽጌ ሊገባ ሦስት ቀን ሲቀረው፣ ሚስራታ ከተባለው የሊቢያ ወደብ የተነሣች አሮጌ የዓሣ ማጥመጃ ጀልባ በጣልያን ግዛት በላምፔዱሳ ደሴት አጠገብ ሰጠመች። ጀልባዋ ከአምስት መቶ በላይ ሰዎች ጭና ነበር፤ አብዛኞቹም ኤርትራውያን ነበሩ። ሞተሩ ቆሞባቸው የሚደርስላቸው ቢያጡ፣ ብርድ ልብስ በነዳጅ ነክረው ለምልክት አቀጣጠሉ። እሳቱ ሲስፋፋ ሰዉ ሁሉ ወደ አንድ ወገን ሸሸ፤ ጀልባዋም በዚያው ተገለበጠች። 155 ሰዎች በሕይወት ሲተርፉ 368 ሰዎች ሞቱ። የደሴቲቱ ዳርቻ በዐይን የሚታይ ርቀት ላይ ነበር።

በዚያ ሳምንት የዓለም ቴሌቪዥኖች ያሳዩት ምስል ብዙዎቻችን የምናስታውሰው ነው፤ በደሴቲቱ አውሮፕላን ማረፊያ መጋዘን ውስጥ በረድፍ የተደረደሩ የሬሳ ሣጥኖች፣ በየሣጥኑም ላይ ቁጥር። የጣልያን መንግሥት ለሟቾቹ የጣልያን ዜግነት እንደሚሰጥ አስታወቀ፤ በአንጻሩ ከሞት በተረፉት ላይ ያለ ፈቃድ ወደ አገር በመግባት የምርመራ መዝገብ ተከፈተባቸው። ቀጥሎም በአግሪጄንቶ ከተማ የመታሰቢያ ሥነ ሥርዓት ሲደረግ በስፍራው የሬሳ ሣጥን አልነበረም፤ ሟቾቹ ቀድሞውኑ በሲሲሊ ልዩ ልዩ መካነ መቃብሮች ተበታትነው ተቀብረው ነበርና። የተረፉት ወገኖችም አልተገኙም። 368 የሚለው ቁጥር በአውሮፓ ከዳር እስከ ዳር ተሰማ። እነዚያ ሰዎች ማን ማን ይባሉ እንደ ነበር የጠየቀው ግን ጥቂት ነው።

ከጠየቁት መካከል አንዱ በጣልያን የሚኖሩት ኢትዮጵያዊው የዘጋቢ ፊልም ባለሙያ አቶ ዳግማዊ ይመር ናቸው። እ.ኤ.አ. በ2015 ያወጡት «አስማት» የተሰኘ ፊልም ርዝመቱ 17 ደቂቃ ብቻ ሲሆን የሚሠራው ሥራም አንድ ነው፤ የሟቾቹን ስም ይጠራል። ባሕሩ ይታያል፤ አንዲት ሴት ትናገራለች፤ ስሞቹ የያዙት ትርጉም ይነገራል፤ ከዚያም ጥሪው አንድ በአንድ ይቀጥላል። ተመልካቹ ከሃያና ከሠላሳ ስም በኋላ ያበቃ ይመስለዋል፤ አያበቃም። ከመቶ በኋላም አያበቃም። 368 የሚለውን ቁጥር ለማንበብ አንድ እስትንፋስ ይበቃል፤ 368 ሰው በየስሙ ሲጠራ ግን ምን ያህል ጊዜ እንደሚወስድ፣ ምን ያህልም እንደሚከብድ ሰው የሚረዳው ተቀምጦ ሲያዳምጥ ነው።

ስለ ርእሱ ጥቂት ማለት ይገባል። «አስማት» በግእዝ የ«ስም» ብዙ ቁጥር ነው፤ በትግርኛም ዛሬም ስሞች ማለት ነው። በአማርኛችን ቃሉ ሌላ ጎዳና ይዞ፣ በክታብ ላይ ከሚጻፉት ኅቡኣን ስሞች የተነሣ፣ የምትሐት ስም ሆኖ ቀርቷል። ስለዚህ አማርኛ ተናጋሪ ርእሱን ሲሰማ መጀመሪያ የሚታሰበው ሌላ ነገር ነው፤ ግእዝ የቀመሰ አንባቢ ግን ወዲያው ያገኘዋል። ስም በእኛና በኤርትራውያን ወንድሞቻችን ዘንድ ከመለያነት ያለፈ ነገር ነው፤ ብዙውን ጊዜ የወላጅ ጸሎት ወይም ምስጋና ነው። ልጁን ተስፋዬ ብሎ የሰየመ አባት፣ ልጇን ሰላም ብላ የጠራች እናት፣ በዚያች አንዲት ቃል የልባቸውን አኑረዋል። ለአውሮፓዊ ተመልካች የስሞቹን ፍቺ መንገር ያስፈለገውም ስለዚህ ይመስለኛል፤ ባሕር የወሰደው ሰውየውን ብቻ ሳይሆን የወላጆቹንም ምኞት መሆኑን ሌላ ነገር እንዲህ በአጭሩ ሊያስረዳ አይችልም።

ነገሩ ከስሜት ያለፈ ቁም ነገር አለው። ሰው ሲጠመቅ የክርስትና ስም ይቀበላል፤ ሲያርፍም ጸሎተ ፍትሐት የሚደርስለት በዚያው ስም ነው። ልጁ በባሕር የቀረበት ቤት ግን መርዶ አልመጣለትም፤ ስለዚህ ለቅሶ አይቀመጥም፤ ተዝካርም አያወጣም። እናት ስልክ በጮኸ ቁጥር ብድግ ትላለች። ሚስት መበለት ልትባል ነው ወይስ ባሏን ልትጠብቅ ነው? ልጆች የአባታቸውን ድርሻ ለመውረስ የሞት ማስረጃ ከየት ያመጣሉ? በሚላን ዩኒቨርሲቲ የፎረንሲክ ሕክምና ባለሙያዋ ፕሮፌሰር ክሪስቲና ካታኔዮና ባልደረቦቻቸው የዚህን አደጋ ሟቾች ማንነት ለመለየት ዓመታት የደከሙት ለዚህ ነው። ዘመዶች የሟቹን ፎቶግራፍ፣ የደም ናሙና፣ የጥርስ ወይም የጠባሳ ምልክት ይዘው እየቀረቡ፣ ከአስከሬኑ ከተወሰደው መረጃ ጋር ይመሳከርላቸዋል። ሥራው አዝጋሚ ነው፤ ስም ያገኘ መቃብር ሁሉ ግን ከአንድ ቤት በር ላይ የተንጠለጠለውን ጥያቄ ያወርዳል።

አቶ ዳግማዊ ይህን ባሕር የሚያውቁት በወሬ አይደለም። አዲስ አበባ ተወልደው ያደጉ ሲሆን፣ በ1997 ዓ.ም. የተካሄደውን ምርጫ ተከትሎ ከመጣው ሁከት በኋላ አገራቸውን ለቀው በሱዳን በኩል የሰሐራን በረሃ አቋርጠው ሊቢያ ገቡ። ከሊቢያም በጀልባ ተሳፍረው ሐምሌ 23 ቀን 1998 ዓ.ም. ላምፔዱሳ ደረሱ። ወደ ሮማ ከተወሰዱ በኋላ፣ ለስደተኞች ጣልያንኛ በሚያስተምረው በአዚኒታስ ማኅበር አማካይነት የቪዲዮ ሥልጠና አገኙ። ከሌሎች ስደተኞች ጋር በመሆን «በረሃውና ባሕሩ» የሚል አጭር ሥራ እ.ኤ.አ. በ2007 አዘጋጁ። ካሜራ የያዙት ታሪካቸውን ሌላ ሰው እንዲነግርላቸው መጠበቅ ስላልፈለጉ ነው ማለት ይቻላል።

በስፋት ያስተዋወቃቸው እ.ኤ.አ. በ2008 ከአንድሬያ ሴግሬና ከሪካርዶ ቢያዴኔ ጋር ያዘጋጁት «እንደ ሰው በምድር ላይ» የተባለው ፊልም ነው። የዚህ ፊልም አሠራር ሊጠና የሚገባው ነው። በተለመደው አሠራር ጋዜጠኛው ይጠይቃል፤ አስተርጓሚው ያስተላልፋል፤ ስደተኛው ይመልሳል፤ ከመልሱም አንድ ዓረፍተ ነገር ተቆርጦ በዜና ይቀርባል። በዚህ ፊልም ግን ጠያቂውም መላሹም በአንድ መንገድ የመጡ ናቸው። የሚነጋገሩት በአማርኛ ነው። የሚገናኙትም በሮማው ትምህርት ቤት ምግብ በሚሰናዳበት ክፍል ውስጥ ነው፤ እየተበሰለ፣ እየተበላ፣ ነገር እየተነሣ ይጣላል። እንዲህ ባለ ቦታ የተቀመጠ ሰው ለባለሥልጣን የሚናገረውን አይናገርም። ዝም ሲልም ዝምታው የሚገባው ሰው ፊቱ አለ፤ «ከዚያስ?» ብሎ አያዋክበውም።

በዚያ ወጥ ቤት የተነገረው ከባድ ነው። ሰዎች እንደ ዕቃ በታሸገ ኮንቴይነር ተጭነው፣ ውኃና አየር አጥሯቸው፣ በበረሃ ወደ ደቡብ ሊቢያ ወደ ኩፍራ እስር ቤት መወሰዳቸው፤ ከዚያም ጠባቂዎቻቸው ለደላላ መሸጣቸው፤ ደላላውም ወደ ባሕሩ ሲመልሳቸው እንደገና መያዛቸውና እንደገና መሸጣቸው። ይህ በአንዱ ላይ የደረሰ ክፉ አጋጣሚ እንዳልሆነ ተመልካቹ የሚረዳው፣ ከተለያዩ ሰዎች አንደበት ያው ጎዳና፣ ያው የከተማ ስም፣ ያው ኮንቴይነር ሲደጋገም ነው። ጥቂት ምስክሮች ሲስማሙ ታሪክ ይሆናል፤ ብዙ ሲስማሙ ማስረጃ ይሆናል።

ጊዜውም ወሳኝ ነበር። ነሐሴ 24 ቀን 2000 ዓ.ም. የጣልያኑ ጠቅላይ ሚኒስትር ሲልቪዮ ቤርሉስኮኒና የሊቢያው መሪ ሙዓመር ጋዳፊ በቤንጋዚ የወዳጅነት ውል ተፈራርመው ነበር። በውሉ ጣልያን ለቅኝ ግዛት ዘመን በደል ካሣ እንዲሆን በሃያ ዓመት ውስጥ 5 ቢሊዮን ዶላር ለመክፈል ስትስማማ፣ ሊቢያ በበኩሏ ስደተኞች ወደ ባሕሩ እንዳይወጡ ለመከላከል ተስማማች። ፊልሙ የወጣው በዚያው ወቅት ስለሆነ፣ በውሉ መሠረት የሚመለሱት ሰዎች ወዴት እንደሚመለሱ አላወቅንም የሚል ሁሉ ያን ቃል ለማለት ይቸገር ነበር። በሚያዝያ 2001 ዓ.ም. ጣልያን በባሕር ላይ ያገኘቻቸውን ወደ ሁለት መቶ የሚጠጉ ሰዎች በቀጥታ ወደ ሊቢያ መለሰች። ከእነርሱ መካከል 24 ሶማሌያውያንና ኤርትራውያን በየስማቸው ክስ አቀረቡ፤ የአውሮፓ የሰብአዊ መብቶች ፍርድ ቤትም የካቲት 15 ቀን 2004 ዓ.ም. ጣልያን ሕግ መጣሷን ወስኖ ለአብዛኞቹ ለእያንዳንዳቸው 15,000 ዩሮ እንዲከፈል አዘዘ። ሁለት መቶ ሰው ተብሎ ፍርድ ቤት የሚቆም የለም። እዚህም ቢሆን የተቆጠረው ስም ነው።

አቶ ዳግማዊ ከዚያ በኋላ ካሜራቸውን ወደ ሌላ አቅጣጫ አዞሩ፤ ብዙ ፊልም ሠሪዎች ያላደረጉት ይመስለኛል። «ባሕሩ ብቻ» የተባለውንና እ.ኤ.አ. በ2011 የወጣውን ፊልም ለመሥራት ወደ ላምፔዱሳ ተመለሱ፤ በዚህ ጊዜ ግን የሚጠይቁት የደሴቲቱን ነዋሪዎች ነበር። በ1998 ዓ.ም. ሲደርሱ ቀጥታ ወደ መጠለያ ስለተወሰዱ ደሴቲቱን አላዩአትም ነበርና። ላምፔዱሳ ስፋቷ ሃያ ካሬ ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ ለቱኒዝያ እንጂ ለሲሲሊ አትቀርብም፤ ነዋሪዎቿም ስድስት ሺህ ገደማ ናቸው። ማዋለጃ ሆስፒታል ስለሌላት እናቶች ለመውለድ ባሕር ተሻግረው ይሄዳሉ። በዓለም ዜና ግን የስደተኛ ማራገፊያ ተብላ ብቻ ትታወቃለች። አንድ የቀድሞ ስደተኛ መጥቶ፣ «እናንተስ እንዴት ናችሁ?» ብሎ ሲጠይቅ፣ እንግዳውና ባለቤቱ ቦታ ይለዋወጣሉ። የዚህ ፊልም ዋጋ እዚህ ላይ ነው፤ ስደተኛው የሚታዘንለት ብቻ ሳይሆን የሰውን ችግር የሚያዳምጥ ሆኖ ይታያል።

ይህን ከሌሎች ዕውቅ ሥራዎች ጋር ማነጻጸር ይጠቅማል። በዚያችው ደሴት ላይ የተሠራውና እ.ኤ.አ. በ2016 በበርሊን የፊልም በዓል የወርቅ ድብ ሽልማት ያገኘው «እሳት በባሕር ላይ» የጂያንፍራንኮ ሮዚ ሥራ ነው። ሮዚ ጣልያናዊ ቢሆኑም የተወለዱት አስመራ ነው። በደሴቲቱ ከአንድ ዓመት በላይ ተቀምጠው ቀርጸዋል፤ ፊልሙም በትዕግሥትና በውበት የተሞላ ነው። በውስጡ አንድ የዐሥራ ሁለት ዓመት የደሴቲቱ ልጅ አለ፤ ወንጭፉን፣ የዐይኑን ሕመም፣ በባሕር ላይ የሚይዘውን ማቅለሽለሽ ሳይቀር እናውቃለን። ሐኪሙን ፒየትሮ ባርቶሎንም በሚገባ እናውቃቸዋለን። ስደተኞቹ ግን በአመዛኙ በሌሊት ከመርከብ የሚወርዱ፣ በወርቃማ የሙቀት መጠበቂያ ወረቀት የተጠቀለሉ ሰዎች ሆነው ያልፋሉ። የቻይናው አርቲስት አይ ዌይዌይ ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2017 ያወጡትን ፊልም በ23 አገሮች ተዘዋውረው ቀርጸዋል፤ በሰው አልባ በራሪ መሣሪያ ከሰማይ የተነሣው የመጠለያ ምስል የችግሩን ስፋት ያሳያል፤ ሰውን ግን እንደ ጉንዳን ያሳንሳል። ሁለቱም መልካም ሥራዎች ናቸው፤ አያስፈልጉም አልልም። ከሩቅ የሚታየውን ያሳያሉ። በቅርብ የሚሰማውን ለመስማት ግን ሌላ ካሜራ ያስፈልጋል።

እ.ኤ.አ. በ2010 አቶ ዳግማዊ በሮማ አቅራቢያ ባለ የጥገኝነት ጠያቂዎች መቀበያ ውስጥ ስለሚኖሩ ሁለት ወጣት ሶማሌያውያን «ካራ ኢታልያ» የሚል ፊልም ሠርተው ነበር፤ «ካራ» የመቀበያ ጣቢያዎቹ ምኅጻረ ቃል ሲሆን በጣልያንኛ «ውድ» ማለትም ነው። በ2013 የወጣው ደግሞ ርእሱን የወሰደው ከቬርዲ ዕውቅ ኦፔራ ነው፤ መዝሙሩ የሚመነጨው የባቢሎን ምርኮኞች ካለቀሱበት ከመዝሙረ ዳዊት 136 ነው። ፊልሙ በሚላን ከተማ አውቶቡስ ሲጠብቁ በስለት የተወጉትን አንድ ሴኔጋላዊ የጥበብ ሰው፣ እንዲሁም ታኅሣሥ 3 ቀን 2004 ዓ.ም. በፍሎረንስ ገበያ በዘረኛ ጥይት ሁለት ጓደኞቻቸው ሲገደሉ ቆስለው የተረፉ ሴኔጋላውያንን ይከተላል። ባሕሩን መሻገር የመከራው ፍጻሜ አለመሆኑን የሚናገር ሥራ ነው። እነዚህ ሁሉ ከሮማው የስደተኞች ትውስታ ቤተ መዛግብት ጋር የተያያዙ ናቸው፤ ይህን ተቋም ካቋቋሙት መካከል የኢትዮጵያን ታሪክ በማጥናት የሚታወቁት ፕሮፌሰር አሌሳንድሮ ትሪዩልዚ ይገኙበታል። ስደተኛው የሚናገረው ቃል ከሰነድ እኩል ሊጠበቅ ይገባል የሚል እምነት ያለው ተቋም ነው፤ ለታሪክ ጸሐፊ ይህ ቀላል እምነት አይደለም።

ይህ ዓይነቱ ሥራ ጉዳት የለውም ማለት ግን አይቻልም። በእስር ቤት የደረሰበትን የሚናገር ሰው በተናገረ ቁጥር እንደገና ይታሰራል፤ ሌሊቱን እንቅልፍ የሚያጣው እርሱ እንጂ ቀራጩ አይደለም። ፊቱ የታየ ስደተኛ በአገሩ የቀሩት ወላጆቹ ሊጠየቁበት ይችላሉ። የጥገኝነት ጉዳዩ ገና በውሳኔ ላይ ከሆነ፣ በፊልሙ የተናገረውና በመዝገቡ የሰፈረው በአንዲት ቀን ቢለያይ ውሸታም ሊባል ይችላል። ፊልሙ ሲሸለምም ሽልማቱን የሚቀበለው ባለ ካሜራው ነው። «አስማት» የሟቾችን ስም እንጂ ፊታቸውን ለማሳየት አለመምረጡ በዚህ ረገድ ሲታይ ጥንቃቄም ነው። ስም ክብርን ይመልሳል፤ በውኃ ያበጠ አስከሬን ምስል ግን የሚመልሰው የለም።

አገራችን አንድ ሚሊዮን ገደማ ስደተኞችን ያስጠጋች ናት፤ ከደቡብ ሱዳን፣ ከሶማሊያ፣ ከኤርትራና ከሱዳን የመጡ ወገኖች ከጋምቤላ እስከ ዶሎ አዶ ባሉ መጠለያዎችና በከተሞች ይኖራሉ። ካሜራም በየጊዜው ይመጣባቸዋል፤ የዜና፣ የለጋሽ፣ የተራድኦ ድርጅት። የስደተኞች ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1110/2011 የግል መረጃቸው በምስጢር እንዲጠበቅ ቢደነግግም፣ አዋጁ በፎቶ አንሺው ኪስ ውስጥ አይገኝም። ስንዴና ዘይት ይዞ በመጣው መኪና አብሮ የደረሰ ካሜራ ፈቃድ ሲጠይቅ፣ የተጠየቀችው እናት «አይሆንም» ለማለት ምን ያህል ነጻነት አላት? ከአቶ ዳግማዊ አሠራር ወደ እኛ ሥራ ሊሻገር የሚችለው ይህን የሚመለከተው ነው። ፈቃዱ በዕደላው ዕለት ሳይሆን በሌላ ቀን፣ አዳዩ ባልሆነ ሰው፣ በራሷ ቋንቋ ይጠየቅ። ስሟና ፊቷ ይታይ ወይስ ይሰወር የሚለውን እርሷ ትወስን፤ ከመቀረጹ በፊት አንድ ጊዜ፣ ተቀርጾ ካየችው በኋላም ደግሞ አንድ ጊዜ ትጠየቅ። ከፎቶው ሥር «አንዲት ስደተኛ እናት» ብሎ መጻፍ የሚገባውም፣ ስሟን ጠይቀናት እንዳይጻፍብኝ ያለች እንደ ሆነ ነው።